የሌለው አውራ ጣቴ የሚያመለክተው

ወረቀት የሌለው ጎሚስታ ከእንግዲህ አይሠራም ሊሉኝ የመጡ ጊዜ ከአንድ የጭነት መኪና ሥር ተጋድሜ ነበር። ሰበታ፣ ከጅማው መንገድ ዳር፣ ጎማ እየፈታሁ፣ እየለጠፍኩና እየነፋሁ ያረጀሁባት ቦታዬ ላይ ማለት ነው። ከከተማው አስተዳደር የተላኩ ሁለት ወጣቶች ናቸው። ትሑቶች ናቸው፣ አልዋሽም። "አካም ጂርቱ ኦቦ" ብለው በኦሮምኛ ሰላም አሉኝ፤ መርዶውን ግን በአማርኛ አደረጉት። የብቃት ፈተና ያላለፈ ጎሚስታ ቤቱ ይታሸጋል።

"እኔ ጎማ መፍታት የጀመርኩት እናንተ ሳትወለዱ ነው። ምን ተብዬ ነው የምፈተነው?" አልኩ።

"ሕጉ ነው አባባ።"

"እንግዲያው ሕጉ ይምጣና ይህን ጎማ ይፍታልኝ።"

ሳቁ። እየሳቁ የመጨረሻውን ቀን ነግረውኝ ሄዱ።

ትልቁ ልጄ ይህን ሲሰማ ደስ አለው። ሱሉልታ ቤት ሠርቷል፤ እናቱ ከሞተች ጀምሮ ና ይለኛል። ስልክ ደወለና "አባዬ፣ እግዜር ነው ያመጣው" አለኝ። "በቃ ዝጋውና ከኛ ጋር ኑር። ፀሐይ እየሞቅህ ትቀመጣለህ።"

"ሱሉልታ ደግሞ የምን ፀሐይ አለ?" ብዬ ዘጋሁበት።

ነገሩ የቆመው እዚህ ላይ ነው። ካለፍኩ እሠራለሁ፤ ከወደቅኩ ሱሉልታ ሄጄ እቀመጣለሁ። መቀመጥ ለሚወድ ሰው ክፉ ነገር አይደለም። እኔ አልወድም።

ፊደል የቆጠርኩት በመሠረተ ትምህርት ጊዜ ነው። ማንበብ እችላለሁ፣ ግን ቀስ እያልኩ፤ ስጽፍ ደግሞ ከዚያም የባሰ ነው። ይችን ጽሑፍም ስንት ጊዜ ጀምሬ ትቻታለሁ። ስለዚህ ከፈተናው በፊት ቡራዩ ሄደህ ትሠለጥናለህ ሲሉኝ ትንሽ ፈራሁ፤ እግሬ ግን አልቆመም። ታክሲ እየቀያየርኩ ሄድኩ። ክፍሉን የሞሉት ወጣቶች ናቸው። በሩ አጠገብ የተቀመጠ ጸጉሩን የቆለለ ጎረምሳ አየኝና፦

"ፋዘር፣ ልጅዎን ሊያስመዘግቡ ነው?" አለኝ።

"አይ፣ ካንተ ጎን ልቀመጥ ነው። ጠጋ በል።"

ጠጋ አለ።

አስተማሪዋ ሴት ናት፤ ልጄ ልትሆን ትችላለች። ቱታ ለብሳለች፣ እጇ ላይ የግራሶ እድፍ አለ። ይህን ሳይ ትንሽ ወደድኳት። ሰሌዳው ላይ ጎማ ሣለችና ስለ ቶርክ ጀመረች። ቶርክ ማለት አንድን ነገር የማዞር ጉልበት ነው አለች። መፍቻው ሲረዝም ጉልበቱ ይጨምራል። ይህን ስትል በሆዴ ሳቅኩ፤ ከብሎኑ አልላቀቅ ያለ ዳዶ ሲገጥመን መፍቻው ላይ ቱቦ እየሰካን የምንረግጠው ለምን ሆነና።

ችግሩ የመጣው ቀጥሎ ነው። ቶርክ አቅጣጫም አለው አለች። ወደ እኔ ዞራ፦

"ኦቦ፣ መፍቻው ወደ ግራ ተዘርግቷል፣ አንቱ ደግሞ ለመፍታት ወደ ታች ይገፋሉ። ቶርኩ ወዴት ነው?"

"ወደ ታች።"

"ወደ ታች የሆነው ግፊትዎ ነው። ቶርኩ ወደ አንቱ ነው።"

"ወደ እኔ? ምን ሊያደርግ?"

ክፍሉ በሳቅ ፈረሰ። እኔ የሳቅኩ እንዳይመስላችሁ። ስንት ዘመን መፍቻ ስገፋ ከብሎኑ ተነሥቶ ወደ ፊቴ የመጣ ነገር አይቼ አላውቅም፤ ከዝገት በቀር። ይህንኑ ነገርኳት። አልተቆጣችም። መፍቻውን በእጇ ቀስ እያለች አዞረችው።

"ይዩ። ግፊትዎ አሁን ወደ ታች ነው። ትንሽ ሲዞር ወደ ጎን ይሆናል። ከዚያ ወደ ላይ። በየጊዜው ይለዋወጣል። ይሄ ሁሉ ሲዞር ሳይዞር የሚቀረው መስመር የቱ ነው?"

አሰብኩ። "ብሎኑ መሐል ለመሐል የሚያልፈው።"

"እሱ ነው። የቶርኩን አቅጣጫ በዚያ መስመር ላይ ቀስት እንዳለ አድርገን ነው የምንናገረው። መስመሩ ሁለት ጫፍ አለው፤ አንዱ ወደ መኪናው፣ አንዱ ወደ አንቱ። የትኛው እንደሆነ ለማወቅ ቀኝ እጃችሁን አውጡ።"

አራቱን ጣቶች ከብሎኑ አስነሥታችሁ በመፍቻው ርዝመት ዘርጉ፤ ከዚያ ወደምትገፉበት አጥፏቸው፤ ቀጥ ብሎ የቆመው አውራ ጣት ቶርኩ ወዴት እንደሆነ ይነግራችኋል አለች። ክፍሉ ሁሉ አውራ ጣቱን አቆመ።

እኔ ቀኝ እጄን ከኪሴ አላወጣሁም። አውራ ጣት የለውም። ጎማ ስነፋ የቸርኬው የብረት ቀለበት ተፈናጥሮ ይዞት ከሄደ ብዙ ዘመኑ ነው፤ አላለቅስበትም። ግራዬን አወጣሁና እንዳለችው አጠፍኩ።

"ወደ መኪናው" አልኩ።

"ሃርካ ሚርጋ፣ ኦቦ! በቀኝ እኮ ነው ያልኩት።"

ቀኜን አውጥቼ ጠረጴዛው ላይ አኖርኩት። ክፍሉ ሁሉ አንገቱን ደፋ። እንዲህ ያለ ሐዘኔታ አልወድም፤ ሳቁ ይሻለኝ ነበር።

"በግራ ይሁንልኝ። ጣት ጣት ነው" አልኩ።

"በግራ ተገልብጦ ይመጣል።"

"በቀኝ ይሁን ያለው ማነው?"

"ሰዎች ተስማምተው ነው። በግራም መስማማት ይቻል ነበር፤ ዋናው ሁሉም አንድ ዓይነት ማድረጉ ነው።"

"እኔን አልጠየቁኝም።"

"መኪና በቀኝ ይነዳ ሲባልስ ጠይቀውዎት ነበር?"

"ተበሉ፣ ፋዘር!" አለ ጎረምሳው። ተበልቻለሁ። ግን ተበላሁ ብዬ ዝም የምል ሰው አይደለሁም።

በማግሥቱ አንድ ብሎን ከነዳዶው ይዤ መጣሁ። የድሮ ከባድ መኪና የግራ ጎማ ብሎን ነው። የእሱ ጥርስ በተቃራኒው የተቆረጠ ነው፤ ሌላው በሚጠብቅበት በኩል ስታዞረው ይፈታል። ይህን የማያውቅ ጎሚስታ ዳዶ እፈታለሁ ብሎ ሲያጠብቅ፣ ሲያጠብቅ ብሎኑን ይበጥሳል። ጠረጴዛዋ ላይ አስቀመጥኩት።

"አሁን ወደ ቀኝ አዙሪው። ጣትሽ ወዴት ይላል?"

"ወደ ውስጥ።"

"ዳዶው ግን ይኸው ወደ ውጭ እየወጣ ነው። ደንብሽ ዋሸ!"

ጎረምሳው በፉጨት ደገፈኝ። እሷ ዳዶውን ይዛ ወዲያ ወዲህ አዞረችው፤ ደስ ብሏታል እንኳን።

"ዳዶው ወዴት እንደሚሄድ የሚወስነው ጥርሱ ነው። ቶርኩን የሚወስነው አንቱ የገፉበት ነው። ቶርኩ ስለ ዳዶው የሚያውቀው ነገር የለም። እስቲ በር ያስቡ። በር ጥርስ አለው? ሲከፍቱት ወደ ላይ ይወጣል? አይወጣም። ግን ይዞራል። የሚዞር ነገር የሄደበትን ብቻ ካዩ ሁልጊዜ ይሳሳታሉ።"

ብሎኔን ኪሴ ከትቼ ተቀመጥኩ። እስከ ሰበታ ድረስ ታክሲ ውስጥ ስበሳጭ ሄድኩ፤ የተበሳጨሁት ልክ ስለሆነች ነው።

እሑድ ልጄ ዘንድ ሱሉልታ ሄድኩ። በረንዳው ላይ አዲስ ወንበር ተቀምጧል፤ ሰፊ ነው፣ መደገፊያ አለው፣ ላስቲኩ እንኳን አልተላጠም።

"ያንተ ነው" አለኝ።

"ገና አልወደቅኩም እኮ።"

"አባዬ፣ ሰው ምን ይለናል? በዚህ ዕድሜው አባታቸውን ጎማ ያስፈታሉ ነው የሚሉን።"

"እናንተ አላስፈታችሁኝም። እኔ ነኝ የምፈታው።"

ብርዱን ግን ምን ልበላችሁ። የሱሉልታ ብርድ አጥንት ፈልጎ ነው የሚገባው። እኔ ዘንድ ሲመጣ ደግሞ የሌለውን ጣቴን ፈልጎ አገኘው። ይህን ለሰው ስናገር አያምነኝም፤ ሲበርድ የሌለው አውራ ጣቴ ያመኛል። ከሥሩ እስከ ጥፍሩ ያመኛል፣ ጥፍሩ በሌለበት። እዚያው ቆሜ እጄን ልጨብጥ አራቱን ጣቶች አጠፍኩ። ሕመሙ አልታጠፈም። ቀጥ ብሎ ቆመ።

አየሁት ልበል? አላየሁትም። ግን የት እንደቆመ ከማንም በላይ አውቃለሁ።

ወደ ግቢው በር ሄድኩ። ጣቶቼን ከማጠፊያው አስነሥቼ በበሩ ወርድ ዘረጋሁ፣ ወደምገፋበት አጠፍኩ፤ ሕመሙ ወደ ላይ አለ። በሩን መለስኩት፤ እጄ ተገለበጠ፣ ሕመሙ ወደ ታች አለ። እንደገና ገፋሁ፣ እንደገና መለስኩ። የልጄ ሚስት ከኩሽና ብቅ አለች።

"አባባ፣ ወይ ይግቡ ወይ ይውጡ! ውሻው እኮ ግራ ገባው።"

"እየተማርኩ ነው" አልኳት። ልጄ ራሱን ይዞ ወንበሩን አየ።

የፈተናው ዕለት ፈታኙ ከሌላ ቦታ የመጣ ጎልማሳ ሰው ነው። የእኔ ጽሕፈት እንደማይደርስለት አይቶ በቃል ይጠይቀኝ ጀመር። ጎማ በማቆሚያ ላይ ተተክሏል። ክሪክ የት እንደሚገባ፣ ዳዶ በምን ተራ እንደሚጠብቅ ጠየቀኝ፤ መለስኩ። ከዚያ መፍቻውን ሰካና "ይህን ዳዶ ሲፈቱ ቶርኩ ወዴት ነው? በእጅዎ ያሳዩኝ" አለ።

ቀኜን አወጣሁ። አየውና ድምፁ ለስለስ አለ።

"አባባ፣ ግድ የለም፣ በግራዎ ያሳዩና ገልብጠው ይንገሩኝ። ልክ ነው፣ እቀበላለሁ።"

ልክ እንደሆነ አውቃለሁ። ሰውየውም ደግ ሰው ነው። ግን ያ የደግነት ድምፅ ነው ሱሉልታ ላይ ወንበር የገዛልኝ።

"በቀኝ ነው የተባለው፤ በቀኝ ነው የማሳይህ። በግራ እየነዳሁ ትራፊኩን ገልብጠህ እየኝ አልለውም።"

"አውራ ጣቱ የለም እኮ።"

"ቀስቱስ አለ እንዴ? አንተ እዚህ ብሎን ላይ ቀስት ታያለህ?"

ብሎኑን አየ። እኔን አየ። "አላይም" አለ።

"እኔም አላይም። ግን አለ።"

አራቱን ጣቶቼን በመፍቻው ላይ ዘረጋሁ። ያን ቀን ቡራዩ ሞቅ ያለ ነበር፣ ሕመሙ አልመጣም። አላስፈለገኝም፤ ቦታውን አውቀዋለሁ። ወደምገፋበት አጠፍኩ።

"ወደ እኔ።"

"ሲያጠብቁስ?"

እጄን ገለበጥኩ። "ወደ መኪናው።"

ጉሮሮውን ጠረገና "የግራ ጥርስ ብሎን ቢሆንስ? በዚሁ በኩል ሲያዞሩት ዳዶው ይወጣል" አለ።

ሳቄን መያዝ አቃተኝ። አስተማሪዋ በሩ ላይ ቆማ ነበር፤ ወደ ውጭ እያየች ነው፣ ትከሻዋ ግን ይስቃል።

"ዳዶው የፈለገበት ይሂድ። ቶርኩ ያው ወደ መኪናው ነው።"

ሰውየው ጻፈ። ከዚያ መፍቻውን አቀብሎኝ ሁሉንም ዳዶ እንዳጠብቅ አዘዘኝ፤ አጠበቅኩ። ጎረምሳው ውጭ ይጠብቀኝ ነበር፤ "ፋዘር፣ እንዴት ነው?" አለኝ። አውራ ጣት አሳየሁት። የትኛውን እንደሆነ እሱ አልገባውም።

ወረቀቱ ሲመጣ ግድግዳዬ ላይ ሰቀልኩት። እነዚያ ሁለት ወጣቶች ተመልሰው መጡ፣ ቆመው አነበቡት፣ "ባጋ ገመዳን" ብለው እንኳን ደስ ያለዎት አሉኝ። ማሸጊያቸውን ይዘው ሄዱ።

ልጄ የደወለው ከአንድ ከባድ መኪና የግራ ጎማ ጋር ስታገል ነው። ዳዶው ዝጓል፣ መፍቻው ላይ ቱቦ ሰክቻለሁ። ስልኩን በትከሻዬ ያዝኩት።

"አባዬ፣ ወንበሩን ምን ላድርገው?"

"ላስቲኩን ላጠውና ተቀመጥበት" አልኩት፤ ቱቦውን ረገጥኩ።