የለሊሴ ትሪ

ከቁም ሳጥኔ አናት ላይ ቀለሙ የተላላጠ የቆርቆሮ ትሪ አለ። ልጆቼ «ይህን ዝገት ምን ታደርጊበታለሽ፣ ጣይው» ይሉኛል። አልጥለውም። ባየሁት ቁጥር ደሜ ይፈላል፤ ይፍላ። ያለፈ አለፈ የሚሉ ይበሉ፣ እኔ ግን አልወጣልኝም።

ልጅ እያለሁ፣ በጃንሆይ ጊዜ፣ ነቀምቴ ማዘጋጃ ቤት አዳራሽ አልፎ አልፎ ፊልም ይመጣ ነበር። የጄኔሬተሩ ናፍጣና ዝናብ ያራሰው ጋቢ ሽታ ተደባልቆ ዛሬም አፍንጫዬ ውስጥ አለ። ብዙዎቹ የፈረንሳይ ፊልሞች ስለነበሩ ቋንቋው አይገባንም። ታላቅ እህቴ ለሊሴ ግን ከተዋናዮቹ አንዲት አፍንጫ ረጅም ሴት ለይታ ወደደች። ሴትዮዋ አንዴ ገረድ፣ አንዴ ነርስ፣ ሌላ ጊዜ ዳቦ ሻጭ ሆና ብቅ ትላለች። «ሻይ አቅርባ ስትወጣ እመቤቷን ዞር ብላ እንዴት እንደምታያት እዪ» ትለኛለች ለሊሴ በክርኗ እየጎሸመችኝ። ስሟን ለማወቅ ጓጉታ ነበር፤ ነገር ግን ፊልሙ አልቆ የተዋናዮቹ ስም መውጣት ሲጀምር ባለጄኔሬተሩ ናፍጣ እንዳያልቅበት ድርግም ያደርገዋል።

ትምህርት ቤታችን ለጃንሆይ ልደት ቴአትር ሲያዘጋጅ ለሊሴ የዋናዋን እመቤት ንግግር ከዳር እስከ ዳር ሸመደደች። መምህሩ ገና አፏን ስትከፍት ሳቀ። «አማርኛሽ የአገርሽን ቋንቋ ይሸታል። ገረዷን ሁኚ፣ ገረዷ አትናገርም» አላትና እመቤቷን ለአንድ ሹም ልጅ ሰጠ። ያን ሰውዬ ዛሬ ባገኘው የምለውን እኔ ነኝ የማውቀው! ለሊሴ አላለቀሰችም፤ ይህን ትሪ ከጓዳ አውጥታ ከትምህርት ቤት መልስ ሻይ ማቅረብ ስትለማመድ ከረመች።

እናታችንን አዮ ነበር የምንላት። አማርኛ አትሰማም። «ቴአትሩ ባይገባኝም መጨረሻ ላይ የልጆቹን ስም ይጠራሉ፤ የልጄን ስም ከሰማሁ ይበቃኛል» ብላ ጎረቤቶቿን ሰብስባ መጣች።

መሃል ላይ፣ እመቤቷ የልጇን መርዶ የምትሰማበት ቦታ ሲደርስ፣ የሹሙ ልጅ ንግግሩ ጠፋባት። አፏን ከፍታ ቀረች፤ ከኋላ ሳቅ ተጀመረ። ለሊሴ ትሪዋን መሬት አስቀመጠች፤ የእመቤቷን ነጠላ ከትከሻዋ ቀስ ብላ አነሳችና እንደ ሐዘንተኛ አዘቅዝቃ መልሳ አለበሰቻት። ከዚያ እግሯ ሥር ቁጭ አለች። አንዲት ቃል አልተነፈሰችም። አዮ ስታለቅስ አየኋት፤ አዳራሹ ውስጥ አማርኛ የሚሰማውም የማይሰማውም አለቀሰ።

ሲያልቅ መምህሩ ተዋናዮቹን በየስማቸው እየጠራ አስጨበጨበላቸው። በር ከፍቶ «እንግዳ መጥቷል» ብቻ ያለው ልጅ እንኳ ተጠራ። ለሊሴ ትሪዋን ታቅፋ ዳር ላይ ቆማ እየጠበቀች መምህሩ «ንግግር የነበራቸው እነዚህ ናቸው» ብሎ ዘጋው። አዮ ወደ እኔ ዞራ «መቃን ኢሼ ሆ?» አለችኝ፤ ስሟስ? ማለቷ ነው። ጎረቤቶቿ እያዩዋት ነጠላዋን ሰብስባ ተነሳች። ለሊሴ ከዚያ ወዲያ መድረክ ላይ አልወጣችም፤ አዮም ስለዚያ ቀን ሳታነሳ ሞተች።

ዘንድሮ ለልጅ ልጄ የፊልሞቹን ታሪክ ብነግረው ያቺን ፈረንሳዊት በስልኩ ፈልጎ አገኛት። ዕድሜዋን ሙሉ በቴአትርና በፊልም ሠርታ አንድም ጊዜ ዋና ተዋናይ አልሆነችም። ስሟ ግን ከእያንዳንዱ ሥራዋ ጋር፣ ከገረድነቷ ጎን ሳይቀር፣ ተጽፏል። ለካ ያኔም ይጻፍ ነበር፤ እኛ ላይ ነው መብራቱ የሚጠፋው።

ነቀምቴ ደውዬ ለለሊሴ የሴትዮዋን ስም ነገርኳት። «ጥሩ ስም ነው። የእኔንስ ማን ጻፈው?» አለችኝ።

እንግዲህ እኔ እጽፈዋለሁ። ገረዷን ሆና የተጫወተችው ለሊሴ ፉፋ ናት። አዮ፣ ስሟ ይኸውልሽ።