ኑግ በትኩሱ

ልጄ ሰሎሜ ለስብሰባ ከሄደችበት አገር ባለፈው ሳምንት ፎቶ ላከችልኝ። ነጭ ሽርጥ አድርጋ፣ እጅጌዋን ሰብስባ፣ ከአንዲት ከማላውቃት ሴት ጋር ድንጋይ ላይ ጎንበስ ብለው ጥቁር ነገር ይፈጫሉ። ከፎቶው ቀጥሎ የድምፅ መልእክት መጣ። «አባዬ፣ የቸኮሌት አሠራር ትምህርት ገብቼልሃለሁ! የአንድ ቀን ነው። ፍሬውን ቆላን፣ ገለባውን አራገፍን፣ አሁን በጥንቱ ዘዴ በእጃችን እየፈጨን ነው። ሁለት ሁለት አድርገው አቧድነውናል። ክንዴ ሊገነጠል ነው!» አለችና ሳቀች። ከኋላዋም ብዙ ሰው ይስቃል።

መልእክቱን ሦስት ጊዜ ሰማሁት። ጡረታ ከወጣሁ ወዲህ ደብረ ማርቆስ ውስጥ ጠዋቱ ለኔ ረጅም ነው፤ ስልኬ ውስጥ የሚስቅ ሰው ሲገኝ ቶሎ አልዘጋውም። ከዚያ ብቻዬን፣ ለግድግዳው፣ «እኔም እኮ ተምሬዋለሁ» አልኩት። እውነት ለመናገር የተማርኩት ቸኮሌት አይደለም፤ ኑግ በማር ነው። ቢሆንም የሚቆላ ፍሬ ነው፣ ጥቁር ነው፣ ቅባት አለው፣ ይጣፍጣል። ያስተማሩኝ የእናቴ ታላቅ እህት ናቸው፤ ትምህርቱም እንደ ልጄ የአንድ ቀን ነበር።

ያኔ ሃያ አራት ዓመቴ ነው። አዲስ አበባ አንድ መድኃኒት ቤት ተቀጥሬ ዱቄት እየመዘንኩ በወረቀት እጠቀልል ነበር። ሚዛን ያልነካው ነገር ሁሉ የሚያጠራጥረኝ፣ ኪሴ ውስጥ ማስታወሻ ደብተርና እርሳስ የማይጠፋ፣ ትንሽ የማስቸግር ወጣት ነበርኩ። አሁንም ብዙ አልተሻለኝም።

እናቴ በዚያ ዓመት ሐምሌ ላይ ሞተች። አባቴ የጭነት መኪና ሾፌር ስለነበር ልጅነቴን ያሳለፍኩት ከእሷ ጋር ለሁለት ነው። የገና ጾም ሲገባ በየዓመቱ ኑግ ቆልታ ትወቅጥና በማር ለውሳ፣ በመዳፏ እያድበለበለች ሰሐን ላይ ትደረድረው ነበር። አንዱን አፌ ውስጥ ስከተው መጀመሪያ መረር ይላል፤ ማሩ ዘግይቶ ነው የሚደርሰው። ያንን መራራ እወደው ነበር። ልብሷን ለዘመድና ለጎረቤት ሰጠን፤ ፎቶዋ አንድ ብቻ ነው፣ እሱም ደብዝዟል። ኅዳር አጋማሽ ላይ ጾሙ ገብቶ ሰሐኑ ባዶውን መደርደሪያው ላይ ሳየው፣ የቀረኝ ያ ጣዕም ብቻ እንደሆነና እሱንም እየረሳሁት እንደሆነ ገባኝ። በጣም ፈራሁ።

አሠራሩን አንድም ቀን ጠይቄያት አላውቅም። እሷ ወጥ ቤት ስትወቅጥ እኔ በዚያኛው ክፍል የቤት ሥራዬን እሠራለሁ። «ወንድ ልጅ ሙቀጫ ሥር ምን አለው? ሂድ አጥና» ትለኛለች፤ እኔም ደስ እያለኝ እሄዳለሁ። ዘነዘናው ድው ድው ይላል፤ ድንገት ያቆማል፤ የነጠላ ጫማ ሩጫ ይሰማል፤ ከዚያ እንደገና ድው ድው። ለምን እንደሚያቆም ተነሥቼ አላየሁም።

ታኅሣሥ ላይ የሦስት ቀን ፈቃድ ወሰድኩና ወደ እናቴ አገር ተሳፈርኩ። ጎጃምን ከዚያ በፊት አላየሁትም። ዓባይ በረሃ ውስጥ ሹራቤን አወለቅሁ፤ ደጀን ስንደርስ መልሼ ለበስኩት። ሉማሜ ወርጄ አንዲት ሻይ ቤት ገባሁ። ሻይ የሚቀዳው ሰውዬ ፊቴን አይቶ «ለዚህ አገር እንግዳ ነህ፤ የማን ነህ?» አለኝ። የእናቴን ስም ስነግረው ብርጭቆውን አስቀመጠና «የጠጄ እህት! ነፍስ ይማር» ብሎ በር ድረስ ወጥቶ መንገዱን አሳየኝ። አገሩ የሚያውቃት መሆኑ ደስም አለኝ፣ ከፋኝም። አዲስ አበባ የኖርንበት ሰፈር ውስጥ እሷን በስሟ የሚጠራት ሰው አልነበረም፤ የሾፌሩ ሚስት ናት።

አንድ ሰዓት ያህል በእግሬ ሄድኩ። ጤፉ ታጭዶ በየአውድማው በሬዎች ይዞራሉ፤ ገለባው በነፋስ እየመጣ ዓይኔ ውስጥ ይገባል። እናቴ ስለ ኑግ ማሳ ስታወራ የምታነሣው ቢጫውን ነበር፤ «መስከረም ላይ ብታየው ምድሩ ሁሉ ቢጫ ነው» ትለኝ ነበር። እኔ የደረስኩት ቢጫው ካለፈ በኋላ ነው። የቀረው ጥቁር ደረቅ አገዳ ብቻ ነበር።

አክስቴ ጠጄ ጥቁር ለብሰው ደጃቸው ላይ እህል ያሰጣሉ። መርዶው ቀድሞኝ ስለደረሰ ማንነቴን ስነግራቸው ብዙ አልጠየቁም፤ ፊቴን በሁለት እጃቸው ይዘው ያገላብጡት ጀመር። «ዓይኑ የሷ ነው» አሉ። ሁለታችንም አለቀስን። አመሻሽ ላይ የመጣሁበትን ጉዳይ ስነግራቸው ግን ሳቃቸው መጣ።

«ለኑግ? ለኑግ ብለህ ነው ዓባይን የተሻገርክ?»

«እሷ ትሠራው የነበረውን መማር ፈልጌ ነው፣ አክስቴ።»

«በል እሺ። ነገ ታስነካዋለህ» አሉኝ።

በማግስቱ ጠዋት እሳቱ አጠገብ ደብተሬን ጭኔ ላይ ዘርግቼ፣ ሰዓቴን አውልቄ ፊቴ አስቀምጬ ተቀመጥኩ። አክስቴ በሰፌድ ካበጠሩት አዲስ ኑግ አንድ እፍኝ ምጣዱ ላይ በተኑ።

«ስንት ደቂቃ ነው የሚቆላው?»

«እስኪበቃው።»

«ሲበቃው በምን ያውቁታል?»

«አንተ ዝም ስትል እሱ ይናገራል።»

ዝም አልኩ። እውነትም ኑጉ ቀስ እያለ መንጣጣት ጀመረ፤ ካፊያ ቆርቆሮ ላይ ሲወርድ እንደሚሰማው ነው። ያ ድምፅ ሊያባራ ሲል አክስቴ ምጣዱን ብድግ አድርገው ሙቀጫው ውስጥ ገለበጡት። «ውቀጥ! በትኩሱ ነው። ከቀዘቀዘ ቅባቱን አይሰጥህም» ብለው ዘነዘናውን ሰጡኝና ወዲያው ሌላ እፍኝ ምጣዱ ላይ በተኑ። ደብተሩ ከጭኔ ወደቀ። ከዚያ በኋላ የጻፍኩት ነገር ቢኖር ስለ ማሩ ነው። ስንት ማንኪያ እንደሚገባ ስጠይቃቸው «የሚበቃውን ያህል። ጻፈው» አሉኝ፤ እኔም የምሬን ጻፍኩት። ደብተሩ ዛሬም አለ።

እሳቸው ይቆላሉ፣ እኔ እወቅጣለሁ። አንዱ እፍኝ አልቆ ዘነዘናው ላይ መጣበቅ ሲጀምር ሌላው ትኩሱን ይመጣል። አንዲት ጎረቤት እሳት ልትጭር መጥታ፣ ወንድ ልጅ ሲወቅጥ ስታይ ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ ሳቀች። መዳፌ ውኃ ቋጠረ። ግን ደስ ይላል፤ ሐምሌ ካለፈ ወዲህ ከሰው ጋር እንዲያ ተግባብቼ ምንም ነገር አልሠራሁም ነበር።

«እስቲ ይቅመሱት፣ ማሩ አንሶ እንደሆነ» አልኳቸው።

«በጾም? ዘጠኝ ሰዓት ሳይሆን? አይ የከተማ ልጅ! ኑግ የጾም ነገር ነው፤ ሲሠራ አይቀመስም። በጆሮና በአፍንጫ ነው የሚታወቅ።»

ስለዚህ የድብልብሉን ሰሐን ፊታችን አድርገን ዘጠኝ ሰዓት ጠበቅን። ያን ያህል የረዘመ ቀን አላስታውስም። ጊዜው ሲደርስ አክስቴ አማትበው አንዱን አጎረሱኝ።

ለስላሳ ነበር። ምላስ ላይ እንደ ቅቤ ይሟሟል፤ ማሩና ኑጉ አብረው ነው የሚመጡት። ከዚያ የሚሻል ኑግ በማር እስከ ዛሬ አልቀመስኩም። የእናቴ ግን አልነበረም።

«ይኼ አይደለም» አልኩ። አፌ አያርፍም። የአክስቴ ፊት ሲለዋወጥ አይቼ ቶሎ ጨመርኩ፤ «በጣም ይጣፍጣል፣ አክስቴ። የሷ ግን መጀመሪያ መረር ይል ነበር። ምን ትጨምርበት እንደነበር…»

አክስቴ ትንሽ አሰቡ። «ማን ይቆላላት ነበር?»

«እሷው ናት።»

«የሚወቅጥላትስ?»

«እሷው ናት።»

«ብቻዋን?»

«ብቻዋን።»

አክስቴ ሰሐኑን ቀስ ብለው መሬት አስቀመጡት። «አሮባት ነው፣ ልጄ» አሉኝ። «ምንም አልጨመረችበትም። ኑግ የሁለት ሰው ሥራ ነው። እዚህ ሳለን እኔ ነኝ የምቆላ፣ እሷ ናት የምትወቅጥ። መቁላቱን አልተማረችውም፤ እኔ አለኋት ብላ። አንድ ሰው ሲሆን፣ የወቀጠውን ሳይጨርስ ምጣዱ ላይ ያለው ያርበታል።» ከዚያ ለኔ ሳይሆን ለእሳቱ የሚናገሩ ይመስል፣ «ከዚያ ሁሉ ሕዝብ መኻል አንድ ሰው አጣች?» አሉ።

የዘነዘናው መቆም፣ የነጠላ ጫማው ሩጫ፣ እንደገና ድው ድው። ሁሉም ያን ጊዜ ገባኝ። ደብተሬን ይዤ በዚያኛው ክፍል የተቀመጥኩት እኔ ነበርኩ፤ በመካከላችን አንድ ግድግዳ ነበር። ይህን ለአክስቴ አልነገርኳቸውም። አፈርኩ።

በማግስቱ አንድ ቁና ኑግ አሸክመው ሸኙኝ። ከዓመታት በኋላ ሥራዬ ወደ ደብረ ማርቆስ አመጣኝና እዚሁ አስቴርን አገባሁ። ያቺ ደግሞ መቁላት ታውቃለች! በየዓመቱ ታኅሣሥ ላይ እሷ ትቆላለች፣ እኔ እወቅጣለሁ። ታሪኩን ነግሬያት ስለነበር ዘጠኝ ሰዓት ላይ የመጀመሪያውን ስቀምስ «ዘንድሮስ የናትህን አገኘኸው?» ትለኛለች። «አላገኘሁትም» ስላት «እሰይ!» ትላለች። ይህ እሰይ ሠላሳ ዓመት ዘለቀ። ሰሎሜ በሩ ላይ ስትቆም «ሂጂ አጥኚ» ብለን እናባርራት ነበር።

አስቴር ካረፈች ሁለተኛ ዓመቷ ነው። አምና ኑግ ቤቴ አልገባም። ዘንድሮ ግን የልጄን ፎቶ አይቼ ቅዳሜ ገበያ ወጣሁና ሁለት ጣሳ ገዛሁ። ምጣዱን ጣድኩ፣ በተንኩ፣ ዝም ብዬ አዳመጥኩ፣ ሊያባራ ሲል ገለበጥኩ። ሁለተኛውን እፍኝ በትኜ መውቀጥ ጀመርኩ። ድው ድው። ሽታው አፍንጫዬ ሲደርስ ዘነዘናውን ጥዬ ሮጥኩ። የነጠላ ጫማዬ ድምፅ ወጥ ቤቱን ሞላው። ያንን ድምፅ አውቀዋለሁ። ሦስተኛውም፣ አራተኛውም እንደዚያው ሆነ።

በማር ለውሼ አድበለበልኩና ዘጠኝ ሰዓት ጠበቅሁ። አማትቤ አንዱን ጎረስኩ። መጀመሪያ መረር አለ። ማሩ ዘግይቶ መጣ።

አርባ ዓመት የፈለግሁት እሱ ነው። እንደ ልጅ አለቀስኩ። እናቴ በዚያ ሁሉ ታኅሣሥ ምን ስትበላ እንደኖረች አሁን አውቃለሁ።

ስረጋጋ የሰሐኑን ፎቶ አንሥቼ ለሰሎሜ ላክሁላት። መልሷ ወዲያው መጣ። «አባዬ! ጎበዝ! ከኔ ቸኮሌት ያምራል እኮ! ማን ወቀጠልህ?»

ብዙ ጊዜ ጽፌ አጠፋሁ። በመጨረሻ «እኔው ነኝ» ብዬ ላክሁላት። ማረሩን አልነገርኳትም።