ለቀበሮዋ ያለቀሰችው ሴት

ሬይኖልድስበርግ በምትባል የአሜሪካ ከተማ የቅመም ሱቄን እንደከፈትኩ ቅዳሜ ቅዳሜ የምታግዘኝ አንዲት ሐበሻ ወጣት ነበረች። ዩኒቨርሲቲ የጃፓን ተረት ትማራለች። ተረት ተምሮ ምን እንደሚሸጥ እስከ ዛሬ አልገባኝም፤ እሷ ስታወራልኝ ግን ገበያተኛ ባይመጣ እመርጥ ነበር።

አንድ ቀን በርበሬ እየመዘንን ቀበሮ ስላገባው ሰው ነገረችኝ። ቀበሮዋ ሴት ሆና አግብታው ትወልድለታለች። ውሻ ሲጮህባት ደንግጣ ወደ ቀበሮነቷ ትመለስና ትሸሻለች። ባሏ ግን፣ ምንም ብትሆኚ የልጄ እናት ነሽ፣ ማታ ማታ እየመጣሽ እደሪ ይላታል። እዚህ ላይ ስትደርስ ዕንባዋ ጠብ አለ።

"በርበሬው ነው?" አልኳት።

"ሂድ ወደዛ! እንዲህ የሚወድ ወንድ የት ይገኛል?"

ውሎ አድሮ ተዋደድን። ያኔ የራሴን ነገርኳት፦ አያቴ ብረት ቀጥቃጭ ነበሩ። በእኛ አገር ቀጥቃጭ ቡዳ ነው፣ ሲመሽ ጅብ ይሆናል ይባላል።

ሳቀች። "ጅብ ስትሆን ቴክስት አድርግልኝ፣ በሩን እከፍትልሃለሁ።"

ነጋዴ ነኝ፤ የሰው አፍ አላምንም። የእሷን አመንኩ።

ሽማግሌ ላክሁ። አባቷ በክብር ተቀብለው ቀጠሮ ሰጡ፤ እስከ ቀጠሮው ድረስ አገር ቤት ደውለው ዘሬን አስጠየቁ። በቀጠሮው ቀን ትልቁ ሽማግሌ ከእሳቸው ቤት ቀጥታ ሱቄ መጡ።

"ጨዋ ነው፣ ሠራተኛ ነው ብለውሃል።"

"እና፣ ጋሼ?"

"እናማ ሌላ ቦታ ያግባ ነው።"

ለእሷ ኮል አደረግሁ። አባቴን እንቢ ማለት አልችልም ብትለኝ ይቅር እላት ነበር።

"እኔ አላምንበትም" አለች። "ግን ልጅ ስንወልድ… ማን ያውቃል?"

"ለቀበሮዋ አልቅሰሽ አልነበር?"

"እሱ እኮ ተረት ነው።"

ባለፈው ሰሞን ከባሏና ከትንሽ ልጇ ጋር ሱቄ መጣች። ሌላው የሐበሻ ሱቅ ዘግቶ መሆን አለበት። ልጁን ሰላም ልል ጎንበስ ስል ፊቱን በጃኬቷ ሸፈነችው።

"ሰው ያፍራል" አለች።

ልጁ በጃኬቷ ጠርዝ አጮልቆ እየሳቀልኝ ነበር። ከረሜላ ሰጠሁት። "ታንክ ዩ" አለኝ። ሲወጡ በመስኮቱ መስተዋት አየኋቸው፤ መኪናቸው ጋ ሲደርሱ ከረሜላውን ከእጁ ነጥቃ ቆሻሻ ውስጥ ጣለችው። ልጁ አለቀሰ።

ጊዜው ያላለፈበት ከረሜላ ነበር።