ጓዳ ውስጥ የተለማመድሁት ቃል

ከብሔራዊ ውትድርና አፈሳ ሸሽቼ፣ ባሕር ዳር፣ ሐይቁ ዳር የዜማ መምህር የሆኑት አጎቴ ጓዳ ውስጥ ተደብቄ ከረምሁ። ጓደኛዬ ሽፋኑ የተገነጠለ የእንግሊዝኛ መዝገበ ቃላት ብቻ ነበር። የቃል ትርጉም በዝምታ ይያዛል፤ አነባበቡ ግን ድምፅ ይፈልጋል። ስለዚህ የአጎቴ ተማሪዎች ግቢው ውስጥ ዜማቸውን ሲያስነኩት ጠብቄ፣ በእነሱ ጩኸት ተከልዬ እለማመድ ነበር።

አንድ ቀን «ሶሊሎኪ» ይባል «ሶሊሎክዊ» ግራ ገባኝ። ትርጉሙ ሰው ብቻውን ሲናገር ማለት ነው። ደጋግሜ ብለው አልሆን አለኝ። በመጨረሻ ንድድ ብሎኝ «ሶሊሎክዊ!» ብዬ ጮህሁ።

ለካ ተማሪዎቹ ዝም ብለው ኖሯል። ታጣቂዎች እነሱን ሊያፍሱ ግቢው ውስጥ ቆመዋል።

«የኔታ፣» አለ አንደኛው፣ «ጓዳ ያለው ማነው?»

አጎቴ ዕድሜ ልካቸውን ዋሽተው አያውቁም።