አቶ ምናልባት እና የኩራዟ መስቀል

አስጎብኚው በየማለዳው የሙዚየሙ በር ከመከፈቱ በፊት እርጥብ ጨርቅ ይዞ የልጆች አፍንጫ መስታወት ላይ የተወውን አሻራ ያብሳል። ሥራው የጽዳት ሠራተኞች ነው፤ ሦስተኛውን የመስታወት ሳጥን ግን ለማንም አይሰጥም። ውስጡ መዳፍ የምታህል የሸክላ ኩራዝ ተገልብጣ ተቀምጣለች። ቂጧ ላይ በሹል ነገር የተጫረ መስቀል አለ።

ቆፋሪዎች ያገኟት ከአንድ ቤት ወለል ሥር ነው። አብሯት የተገኘው ሳንቲም ከሐዋርያት ሦስት መቶ ዓመት ያህል ዘግይታ እንደተሠራች ይናገራል። አስጎብኚው ለመጣው ሁሉ፣ "የክርስቲያን ቤት ነበር፤ ምናልባት" ይላል። "ምናልባትም ባለቤቱ ዕቃው እንዳይቀየርበት የጫረው ምልክት ነው።" ሃያ ሁለት ዓመት እንዲህ ሲል ስሙ ተረስቶ "አቶ ምናልባት" ሆኖ ቀረ። ሚስቱማ ይባስ ብላ፣ "ሲጠይቀኝም 'አገባሻለሁ፣ ምናልባት' ነበር ያለኝ" እያለች ሰው ታስቅበታለች።

ዘንድሮ ግን ቀልዱ መረረ። ሙዚየሙ ጎብኚዎች በጆሮ ማዳመጫ የሚሰሙትን ማብራሪያ ሊያስቀርጽ ነው። ሥራ አስኪያጇ ቢሮዋ ጠራችው።

"ጋሼ፣ ድምፅዎ ያምራል። ግን ሰው ከሩቅ መጥቶ 'ምናልባት' መስማት አይፈልግም። 'የሐዋርያት ኩራዝ' ይበሉልኝና እንገላገል።"

"ሳንቲሙንስ የት ላድርሰው?"

"ሳንቲሙን ማን ይጠይቃል? ካልሆነልዎ እስከ ዓርብ ይንገሩኝ። አንድ የሬዲዮ ሰው አለ፤ እርስዎ ወደ በር ጥበቃ ይዛወራሉ።"

ዓርብ መልሱን ልትሰማ ስትመጣ፣ ከአንድ ቤተ ክርስቲያን የመጡ ጎብኚዎችን ይዞ ሳጥኑ ዘንድ አገኘችው። ከኋላ ቆማ ጠበቀች። ምርኩዝ የያዙ አሮጊት አንገታቸውን አስግገው፣

"ልጄ፣ ሐዋርያቱ ናቸው ያበሯት?" አሉ።

አስጎብኚው ሥራ አስኪያጇን አያት። ከዚያ ወደ አሮጊቷ ዞረ።

"አይደሉም፣ እማማ። እነሱ ካለፉ ሦስት መቶ ዓመት ቆይቶ የተሠራች ናት። ማን እንዳበራት አናውቅም።"

"መስቀሉስ?"

"የእምነት ምልክት ይሆናል፤ ምናልባት። ወይም ዕቃው እንዳይጠፋ የተደረገ ምልክት።"

አሮጊቷ ሳቁ። "አንተ ደግሞ! ምን 'ወይም' አመጣው? እኔ ጎረቤቴ የተዋሰችውን መመለስ አይሆንላትም፤ የድስቴን ቂጥ በቢላ ጭሬ ነው የምለየው።"

"ምን ብለው ጫሩት?"

"መስቀል ነዋ! ሌላ ምን አውቃለሁ?"

ጎብኚዎቹ በሳቅ ፈረሱ። አስጎብኚው ግን አልሳቀም። ሃያ ሁለት ዓመት የእምነትንና የባለቤትነትን ምልክት በ"ወይም" ሲለያያቸው ኖሮ፣ አንድ እጅ ሁለቱንም ባንድ ጊዜ ሊጭር እንደሚችል አስቦት አያውቅም።

"እማማ፣ ድስቷ አሁንም አለች?"

"ምን ትሆናለች! ትናንት ምስር ሠራሁባት።"

ጎብኚዎቹ ወደሚቀጥለው ክፍል ሲያልፉ ሥራ አስኪያጇ ቀረብ አለች። "እኔም የእናቴን ድስት አስታወስኩ" አለች፣ ከኩራዟ ላይ ዓይኗን ሳትነቅል። "የሬዲዮው ሰውዬ ይቅር። የእማማን ነገር ይጨምሩበት።"

"ምናልባትስ?"

"ስንት ጊዜ ነው የሚሉት?"

"ሦስቴ።"

"ሁለቴ ይበቃዎታል፣ ጋሼ።"

ቀረጻው ሰኞ ጠዋት በሦስት ሰዓት ነው። ማክሰኞ እማማ ድስቷን ይዘው ይመጣሉ፤ የሙዚየሙ ፎቶ አንሺ ከኩራዟ ጎን ገልብጦ ያነሳታል።