ዓሳ የሚሸትበት ሰገነት

ሃያ ሦስት ዓመት ሙሉ ወደ ኋላ የሄደ ሰው አውቃለሁ። በኑሮ ማለቴ አይደለም፤ በኑሮማ ማን ቀረ። በእግሩ ነው። ሥራው እንግዶችን በእግር እያዞረ የድሮ ቤቶችን ማሳየት፣ በየመሀሉም እያቆመ ማቃመስ ነበር። ፊቱን ወደ እንግዶቹ ያዞራል፣ ቀይ ዣንጥላውን ሽቅብ ይቀስራል፣ ከዚያ እያወራ በተረከዙ መሬቱን እየዳሰሰ ይጓዛል። «ለሚያበላህ ሰው ጀርባ አይሰጥም» ይላል። ሰፈራችን ስም ለማውጣት ሰንፎ አያውቅምና «የኋልዮሽ» አልነው። እናቱ ያወጣችለትን ስም ቀስ በቀስ እሱም ረሳው።

ማቆሚያዎቹ አራት ነበሩ። ባለ ቅስቱ የእህል መጋዘን ፊት የምስር ሾርባ ይቀመሳል። የድሮው ፍርድ ቤት ጠመዝማዛ ደረጃ ሥር የለውዝ ጣፋጭ አለ። ቀጥሎ ዳቦ ቤቱ፣ ምድጃው ከሕንፃው የሚበልጥ ዕድሜ ያለው። መጨረሻው ሰገነቱ ነው። ሰገነቱ የድንጋይ ሐረግና የድንጋይ ወፎች ተፈልፍለውበታል፤ ሥሩ ዋርሳው፣ ማለትም የሟች ሚስቱ ታላቅ እህት፣ ዓሳ ትጠብሳለች።

የወፎቹ ታሪክ እንዲህ ነው። አንድ ድንጋይ ጠራቢ ሙሽራይቱ ታማ ተኛችበት። ከአልጋዋ ሆና እንድታያቸው በየቀኑ አንድ ወፍ ፈለፈለላት። አርባኛዋን ጨርሶ አርባ አንደኛዋ ላይ አንገት ሲደርስ ሙሽራይቱ ሞተች፤ ያቺ ወፍ ራስ የላትም። እዚህ ላይ ሴቶች ያለቅሳሉ፣ ወንዶች ዓሳ ያዛሉ። እውነቱን ግን የምናውቅ እናውቃለን። የኋልዮሽ ሚስት በልጅነቷ እዚያ ቤት ሠራተኛ ነበረች፤ የወፊቱን ራስ በመጥረጊያ እንጨት የገነጠለችው እሷ ናት። እመቤቷ ስትቆጣ ያንን ታሪክ በቁሟ ፈጥራ አወራችላት፣ እመቤቲቱም አልቅሳ ማረቻት። ባሏ ከእሷ ወረሰው። እሷ ከሞተች ስድስት ዓመት ሆናት፤ እሱ ግን በየቀኑ አራት ሰዓት ተኩል ላይ ያቺን ውሸቷን በደንብ አድርጎ ይናገርላታል።

ታዲያ ዓይኑ ጠፋ። በአንድ ቀን አይደለም፣ እንደ ሳሙና እያለቀ ሄዶ ነው። ሐኪሙ መጀመሪያ ጠብታ ሰጠው፣ ቀጥሎ መነጽር፣ በመጨረሻ ምክር። ሐኪም ምክር መስጠት ከጀመረ ነገሩ አብቅቷል። ነገር ግን ወደ ኋላ የሚሄድን ሰው «የምትሄድበትን ታያለህ ወይ?» ብሎ ማን ይጠይቃል? ደረጃና ማዞሪያውን ተረከዙ ያውቃል። ቤቶቹን አፉ ያውቃል። የት እንደደረሰ ደግሞ አፍንጫው ይነግረዋል፤ ምስር ከሸተተ መጋዘኑ ነው፣ ዳቦ ከሸተተ ዳቦ ቤቱ፣ ዓሳ ከሸተተ ሰገነቱ። ከዳቦ ቤቱ እስከ ሰገነቱ ያለው መንገድ ቀጥ ያለ ልሙጥ አስፋልት ነው፤ እዚያ ላይ ተረከዝ ምንም አይረዳም፣ ያለ አፍንጫ ሌላ ዘመድ የለውም።

በዚህ ብልሃት ሁለት ዓመት ሠራ። ፈቃድ የሚሰጠው ቢሮ አላወቀም። እኛ የመንገዱ ሰዎች ግን ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ ሆነን ተቀመጥን። ለደግነት እንዳይመስላችሁ፤ ጨዋታ አግኝተን ነው። ፀጉር አስተካካዩ ጠዋት ጠዋት ብቅ ብሎ ምላሱን ያወጣበታል። እኛ አፋችንን አፍነን እንስቃለን። የኋልዮሽ ፈገግ ብሎ «እንደምን አደራችሁ፣ ዛሬ ደስ ብሏችኋል» ይለናል። እንዲህ ያለ ጠዋት በነጻ የት ይገኛል።

የጅራቱን ሥራ የሚሠራው አማቹ ነበር፤ የአንድ ልጁ ባል። የውሃ ጠርሙሶች ተሸክሞ ከእንግዶቹ ኋላ ይሄዳል። መኪና ሲመጣ አንዴ ያስላል፣ ጉድጓድ ሲኖር ሁለቴ። በሳል የሚተዳደር ሰው አይታችሁ ታውቃላችሁ? እሱ ግን ሳሉ ሰለቸው፣ ዣንጥላውን ፈለገ። አማቱ ፈቃዱን ካጣ ከዳቦ ቤቱ በላይ የተከራያትን ክፍል ይለቃል፣ መግቢያው የልጁ ቤት ነው። አማች ሆዬ ለዚያ ቀን ከጓዳው ኋላ ያለችውን የዕቃ ክፍል አስጠርጎ አልጋ ዘርግቶ ጠበቀው። መስኮቷ ሲከፈት የጎረቤትን ግድግዳ ይነካል። ድምፅ አይገባባትም፣ ሽታ አይገባባትም፣ አጠገቧ የተበላሸ የልብስ ስፌት መኪና ብቻ አለ።

አንድ እሑድ «አባባ፣ ይሞክሩት እንጂ» ብሎ አስገባው። ሽማግሌው አልጋው ጫፍ ላይ አንድ ሰዓት ያህል ተቀመጠ። ሲወጣ የተናገረውን ልጁ ናት ያወራችልን።

«እዚህ ውስጥ» አለ፣ «በየት በኩል ነው ወደ ኋላ የሚኬደው?»

ልጁ ሳቀች። እሱ አልሳቀም። ከዚያ ወዲህ ሰውየው ያችን ክፍል እንደ መቃብሩ ነው የፈራት።

ፈቃዱ የሚታደስበት ወር ደረሰ። ተቆጣጣሪዋ ማክሰኞ እንደ ማንኛዋም እንግዳ ተደባልቃ እንደምትመጣ አማቹ ቢሮ ካለ ወዳጁ ሰማ። ሰኞ ከሰዓት ወደ ዓሳ ጠባሿ ሄደ።

«እትዬ፣ ነገ መጥበሻዎን ወደ ጅምሩ ፎቅ ቢያወርዱት?»

ጅምሩ ፎቅ ከሰገነቱ አርባ እርምጃ ቀድሞ ያለ፣ ከተጀመረ አሥራ አምስት ዓመት የሆነው የሲሚንቶ አጽም ነው። ፌሮው እንደ አበደ ሰው ፀጉር ቆሟል፤ የሰፈሩ ሰው ልብስ ያሰጣበታል።

«ለምን ብዬ?» አለችው።

«ለአባባ ጤና ነው። ካልተሸነፉ አያርፉም።»

«ጤናውን ማሰብ የጀመርከው ከመቼ ወዲህ ነው?»

«አልጋውን ከዘረጋሁ ወዲህ።»

ሳቀችና እሺ አለች። ሐሜት አይሁንብኝና፣ ከሠላሳ አራት ዓመት በፊት የኋልዮሽ እነሱ ቤት የመጣው ለእሷ ነበር። ታናሺቱ ውሃ ይዛ ገባች፤ ሰውየው ውሃውን ያመጣችውን ይዞ ሄደ። ሴትዮዋ ያን ጊዜ ጀምራ የምትጠብሰው ዓሳ ብቻ አይመስለኝም።

ማክሰኞ ሁላችንም ሥራ ፈትተን ወጣን። ፀጉር አስተካካዩ ደንበኛውን ግማሽ ላጭቶ ከነሳሙናው አስወጣው። የኋልዮሽ ጫማውን አስጠርጎ፣ ዣንጥላውን ቀስሮ፣ አሥራ አራት እንግዶች እየመራ በተረከዙ መጣ። ዓሳው ሸተተው። ቆመ። ዞር አለና ዣንጥላውን ወደ ጅምሩ ፎቅ አነሳ።

«ቀና በሉ» አለ። «ውበት ሲሏችሁ ይህ ነው። አንድ ሰው በፍቅር የሠራውና አንድ ሰው በክፍያ የሠራው እንዲህ ይለያል።»

እንግዶቹ ቀና አሉ። ፌሮ አለ፣ የዘመመ መሰላል አለ፣ ገመድ ላይ ሦስት የውስጥ ሱሪና አንድ ካናቴራ አለ። ስለ ሙሽራይቱ ሕመም ተናገረ። ሐረጎቹን በጣቱ አየር ላይ ሣላቸው። ወፎቹን ቆጠረ። «አሁን የመጨረሻዋን ፈልጓት። ራስ የላትም» ሲል አንዲት እንግዳ አንገትጌው የተቀደደውን ካናቴራ አየች መሰለኝ፣ ፈነዳች። አሥራ ሦስቱም ተከተሏት። ከዚያ አጨበጨቡ።

የኋልዮሽ ፊቱ ላይ ያለው ፈገግታ እንዳለ ቆየ። በሃያ ሦስት ዓመት እዚያ ላይ የሳቀ ሰው አልነበረም። ሁልጊዜ ሲጨርስ እንደሚያደርገው እጁን ዘርግቶ የሰገነቱን ዓምድ ለመዳሰስ ተራመደ። መዳፉ ምሰሶው ላይ ሲያርፍ ለአፍታ ቆመ። ከዚያ እንደ ልማዱ ሦስት ጊዜ መታ መታ አደረገውና «ዓሳ እንብላ» አለ።

አማቹ ተቆጣጣሪዋን ዓይን ዓይኗን እያየ ጠበቀ። ሳይደግስ አይጣላም እንዲሉ፣ ሴትዮዋ የጻፈችው ሌላ ሆነ። «አስጎብኚው ፊቱ ሳይፈታ የዘመኑን ግንበኞች የሚሸነቁጥበት ክፍል ድንቅ ነው፤ ሌሎችም ይማሩበት» ብላ ለሦስት ዓመት አደሰችለት።

አማቹ ሁለት ቀን ምግብ አልበላም። በሦስተኛው ሳቁ ገንዘብ መሆኑ ገባው። መጥበሻው እዚያው ይቅር አለ። ወሬው ተዛመተ፤ አሥራ አራቱ ሠላሳ ሆኑ፣ ሠላሳው ስልክ ደቅኖ ይጠብቃል። ጠዋት ጠዋት እየሄደ የውስጥ ሱሪዎቹን በቀለም እየለየ ማስጣት የጀመረም እሱ ነው። አንድ ቀን የድሮ ኮፍያ ፌሮው ላይ ሰቀለ፤ እንግዶቹ ቆመው መሳቅ አቅቷቸው ተቀመጡ።

«ለምንድን ነው የሚስቁት?» አለው ሽማግሌው።

«ደስ ብሏቸው ነው፣ አባባ።»

«ሙሽራይቱ እኮ ሞታለች።»

«እንግዲህ ሰው እንደየአመሉ ነው የሚያዝነው።»

ለአራት ወር የሰፈሩ ትልቁ መዝናኛ ይኸው ሆነ። ከሁላችን መጀመሪያ ሳቁ የጎመዘዛት ዓሳ ጠባሿ ናት። እሷ ሽማግሌውን ትጠላው ይሆናል፤ የሚሳቅበት ግን የእህቷ ታሪክ ነው። አንድ ቀን እንግዶቹ ሲበተኑ መጥበሻዋን እየፈገፈገች ጠራችው። እኔ አጥንት እየጋጥኩ አጠገባቸው ነበርኩ፤ ዓሳ የሚበላ ሰው ጆሮ የለውም ይመስላቸዋል።

«ስማኝ» አለችው፣ «ሰገነቱ እዚህ አይደለም።»

«አውቃለሁ።»

መፈግፈጓን አቆመች። «ከመቼ ጀምሮ?»

«ከመጀመሪያው ቀን። እጄ ከድንጋይና ከሲሚንቶ የቱን የነካ ይመስልሻል? ከዳቦ ቤቱ ደጃፍ እስከዚህ መቶ አሥራ ሁለት እርምጃ ነው፤ ከዚያ ወዲህ ቆጥሬዋለሁ።»

«እያወቅህ በእሷ ታሪክ ታስቅባታለህ?»

«ያቺን የዕቃ ክፍል ገብተሽ አይተሻታል?» አላት።

«አላየኋትም።»

«እኔም አላየኋት። ግን ገብቻለሁ።» ዣንጥላውን አጠፈ። «እህትሽ ብትሆን ከእኔ በፊት ትስቅ ነበር። ይልቅ ዘይቱን ቶሎ ቶሎ ቀይሪ፤ የከረመ ዘይት ሲሸት ሙሽራይቱ ጋ ስደርስ ያስለኛል።»

ጠባሿ ግን ሌሊቱን ከራሷ ጋር ስትሟገት አድራ ኖሮ፣ ጠዋት መጥበሻዋን ተሸክማ ወደ ድሮ ቦታዋ፣ ወደ እውነተኛው ሰገነት ሥር ወጣች። ሽታውን ተከትሎ ይምጣ፣ እንደ ድሮው አንድ ሰው ያልቅስ ብላ ነው። አማቹ ሊከራከር ሄዶ የጋለ ማንኪያ አሳይታ መለሰችው። እኛም ደጃችን ላይ ተደረደርን። ፀጉር አስተካካዩ ሳይቀር የዚያን ቀን ምላሱን አላወጣም።

የኋልዮሽ አርባ እንግዳ እየመራ ከዳቦ ቤቱ ተነሣ። ነፋሱ ከላይ ወደ ታች ነበር፤ የዓሳው ሽታ ከሩቁ፣ ከሰገነቱ በኩል ተቀበለው። ፊቱ ሲለወጥ አየን። ዓሳ ጠባሿ ቆማ፣ ሁለት እጇን ሽርጧ ላይ ጠቅልላ ትጠብቃለች። ከራሷ በላይ አርባ አንዱ የድንጋይ ወፍ ተደርድሯል።

መቶ አሥራ ሁለተኛው እርምጃ ላይ ቆመ። ዣንጥላውን ወደ ጅምሩ ፎቅ አነሳ።

«ቀና በሉ» አለ። «ውበት ሲሏችሁ ይህ ነው።»

ሳቁ መንገዱን ሞላው። ከእኛ ውስጥ የሳቀ የለም፣ ያለቀሰም የለም፤ እስኪጨርስ ጠበቅነው። ራስ የሌላትን ወፍ አስፈለጋቸው። ምሰሶውን ሦስት ጊዜ መታ መታ አደረገ። በመንገዱ ላይኛው ጫፍ መጥበሻው ሲያር ጭሱ ጠቁሮ ወጣ፤ ጠባሿ ግን እሱን ስታይ ዓሳውን አልገለበጠችም።

ከፊት የቆመ አንድ እንግዳ፣ የመብል ነገር የጨነቀው፣ «ዓሳውስ የት አለ?» ሲል ጠየቀ።

«ዓሳው ዛሬ ትንሽ ፈቀቅ ብሏል» አለ የኋልዮሽ። «ቤቱ ግን ያው ነው።»