የሁዳዴው ተከራይ

ታላቅ ወንድሜ ሶዶ መናኸሪያ አጠገብ ሥጋ ቤት አለው። ቁርጥ በዳጣ ሊበላ ከአረካም ከቦምቤም ድረስ ሰው ይመጣለታል። በሬ ቆሞ እያለ ሥጋውን የሚያውቅ ሰው ነው። ጾመኛም ነው። እንደ እሱ ያለ ጾመኛ በቤተሰባችን የለም፤ እንደ እኔ ያለ ጾም ገዳፊ ደግሞ፣ እሱ እንደሚለው፣ በአገሩ የለም። ሁዳዴ በገባ ቁጥር ይደውልልኛል።

«ጀመርክ?»

«ጀመርኩ፣ ጋሼ።»

«ውሸታም!» ብሎ ጆሮዬ ላይ ይዘጋዋል።

የእሱ ችግር ሶዶ ከሁዳዴ ጋር አብሮ የሚዘጋ ከተማ አለመሆኑ ነው። ብዙው ሰው ፕሮቴስታንት ስለሆነ ሥጋውን እንደ ወትሮው ይበላል። ወንድሜ በሩን ቆልፎ ሲሰግድ ከመንገዱ ማዶ ያለው ፕሮቴስታንት ባለ ሥጋ ቤት ወንበር ይጨምራል። ፋሲካ ሲደርስና ሲከፍት ደንበኞቹ ሁሉ አይመለሱለትም። «እኔ ነፍሴን ሳድን እሱ ደንበኛዬን ያድናል» ይለኝ ነበር እየተከዘ።

አንድ ዓመት መላ መጣለት። አብሮት ለዓመታት በጓዳ የሠራ ሥጋ ቆራጭ ነበረው። ከገሱባ የመጣ ረጋ ያለ ሰው ሲሆን በቤተ ክርስቲያኑ የመዘምራን መሪ ነው። ሁዳዴ በገባ ቁጥር ያለ ሥራ ይቀመጥ ነበር። ወንድሜ ቤቱን ለጾሙ ወራት ለእሱ ሊያከራየው አሰበና፣ እኔን አስከትሎ ወደ ንስሐ አባቱ ሄደ።

«አባቴ፣ ሥጋ ቤቴን ለሁዳዴ ባከራየው ኃጢአት ይሆንብኛል?»

«ለማን ነው የምታከራየው?» አሉ አባ።

«ለማይጾም ሰው።»

«የሚበላውስ ማነው?»

«እሱም የማይጾም ነው።»

«ላንተ ምን ይደርስሃል?»

«ኪራይ ብቻ፣ አባቴ።»

«እንግዲህ ኪራይ የጾም ነው» አሉ አባ። «ብቻ እጅህ ሥጋ እንዳይነካ። ግድግዳው ላይ ያለውንም የመልአኩን ሥዕል አውርደህ ወደ ቤትህ ውሰደው። ሁዳዴን ሙሉ ሥጋ ሲያይ አይክረም።»

ተከራዩ ሥራ ጀመረ። የወንድሜ እጅ በእርግጥ ሥጋ አልነካም፤ አፉ ግን አላረፈም። ጠዋት ከኪዳን ሲመለስ ከመንገዱ ማዶ ባለ ልብስ ሰፊ ደጃፍ ላይ ይቀመጥና፣ ባዶ ሆዱን ታቅፎ፣ «ሽንጡን ወደ ጥላው ስቀለው! ለፀሐይ ነው እንዴ ያረድከው?» እያለ ይጮኻል። ቀኑን ሙሉ ስለ ሥጋ የሚያወራ ጾመኛ ያየሁት ያኔ ነው።

እኔን ይበልጥ የገረመኝ የኋላው በር ነበር። ጠዋት ነጠላቸውን አጣፍተው ቤተ ክርስቲያን ሲሳለሙ ያየኋቸው ሰዎች ከሰዓት በዚያ በር ብቅ ይላሉ። «ለእንግዳ ነው» ይላሉ ሳይጠየቁ። በዚያ ሁዳዴ በከተማው የማይጾም እንግዳ ያልመጣበት የጾመኛ ቤት አልነበረም። ተከራዩ ጨዋ ስለሆነ «እንግዳዎ ጮማ ይወዳሉ?» ከማለት በቀር ምንም አይጠይቅም።

እንዲህ እያለ የጾሙ እኩሌታ ደረሰ። አንድ ረቡዕ ማለዳ ወደ ቢሮ ስሄድ ወንድሜ ቤት ጎራ እንዳልኩ፣ ተከራዩ ነጭ ሸሚዝ ለብሶ፣ መጽሐፍ ቅዱሱን በብብቱ ይዞ ገባ። የሥጋ ቤቱን ቁልፍ ጠረጴዛው ላይ አኖረው።

«ጋሼ፣ በሬዋ ከቄራ መጥታለች፤ ሰቅያታለሁ።» በእሱ አማርኛ በሬ ሴት ነበር። የወንድሜም ወላይትኛ ከዚያ ስለማይሻል አይተራረሙም።

«አንተስ ወዴት ነህ?» አለው ወንድሜ።

«ጾም ጸሎት ታውጆብናል። ከዛሬ ጀምሮ ሦስት ቀን። እኛም የሰማነው ትናንት ማታ ነው።»

«ማነው የሚጾመው?»

«እኛ።»

«እናንተ? በሁዳዴ?» ወንድሜ ብድግ አለ። «ሰው እንዴት በጾም ይጾማል?»

«ከጠዋት እስከ ማታ እዚያው ነን። መዝሙር የምመራው እኔ ነኝ፤ መቅረት አልችልም።»

«ያከራየሁህ እኮ ስለማትጾም ነው!»

«አውቃለሁ፣ ጋሼ» አለ ተከራዩ ከልቡ አዝኖ። «ስለ እርስዎም እንጸልያለን።» እጅ ነስቶ ወጣ።

ወንድሜ ቤቱን ከግድግዳ እስከ ግድግዳ ተመላለሰበት። ሙቀቱ የበረታበት ወር ነው፤ ሥጋው ተሰቅሏል። ሚስቱ ትጾማለች። ሥጋውን ለማዶው ሰውዬ ከሚሸጥ ሞቱን ይመርጣል። በመጨረሻ ዐይኑ እኔ ላይ አረፈ።

«ወንድሜ» አለኝ፤ እንዲህ በለሰለሰ ድምፅ ጠርቶኝ አያውቅም። «አልጀመርክም አይደል?»

«ጀምሬያለሁ።»

«ዛሬ እንኳ አትዋሸኝ!»

በዕድሜዬ ሙሉ ኃጢአቴ እንደዚያ ቀን ተፈልጎ አያውቅም። ቢሮ ደውዬ ታምሜያለሁ አልኩና ነጩን ጋዋን ለበስኩ። ወንድሜ ከማዶ ሆኖ፣ «ወደ ታች አይደለም፣ አግድም! አግድም!» ይለኛል። እኔም አግድም ስል ሥጋው ወደ ታች፣ ወደ ታች ስል ሥጋው አግድም። ከቦምቤ የመጣ አንድ ደንበኛ ሳህኑን አገላብጦ አየና፣ «ይሄ ተቆርጦ ነው ወይስ ተነክሶ?» አለኝ። ቢሆንም በላው።

ከሰዓት የኋላው በር ተንኳኳ። ስከፍት የመሥሪያ ቤቴ ኃላፊ ነጠላቸውን እንዳጣፉ ቆመዋል። አርብ አርብ ስብሰባችንን ስለ ጾም ጥቅም በመናገር የሚከፍቱልን ሰው ናቸው።

«አልታመምክም እንዴ?» አሉኝ።

«ተሽሎኛል። እርስዎስ፣ ጾመኛ አይደሉም እንዴ?»

«እንግዳ መጥቶብኝ ነው።»

«ምን ያህል እንግዳ ነው?»

«አንድ ኪሎ የሚሆን እንግዳ ነው።»

መዘንኩላቸው። ፌስታሉን ነጠላቸው ሥር ሸጉጠው ሄዱ። ቢሮ ስመለስ ያለ ሐኪም ወረቀት የሕመም ፈቃዴን ፈረሙልኝ፤ ስለ ጤናዬም ዳግመኛ አልጠየቁኝም።

ቅዳሜ ጠዋት ተከራዩ ፊቱ ፈክቶ፣ ጉንጩ ትንሽ ጎድጎድ ብሎ ተመለሰ። ሥጋው ተሸጦ አልቋል ማለት ይቻላል። ከቀረው ጭን ላይ የሠራሁትን አየና፣ «እግዚአብሔር ይመስገን፣ ሦስት ቀን ብቻ ነበር» አለ።

ወንድሜ ግን ሕሊናው ስላላረፈለት እንደገና አባ ዘንድ ሄድን። የሆነውን ሁሉ ነገራቸው።

«ወንድምህ ድሮስ ይጾም ነበር?» አሉ እኔን እያዩ።

«ኧረ አይጾምም፣ አባቴ።»

«እንግዲያ አዲስ ኃጢአት የለም» አሉና የደብሩ ጣሪያ እያፈሰሰ መሆኑን እግረ መንገዳቸውን አነሡልን።

ፋሲካ አለፈ። ወንድሜ ተከራዩን ወደ ጓዳ ሥራው መልሶ ጋዋኑን ቢለብስም የሚገባው ሰው ሁሉ «ያ ረጋ ያለው ሰውዬስ?» ይል ጀመር። ተከራዩ ከመቁረጡ በፊት አጎንብሶ ለአፍታ ይጸልያል፤ ሚዛኑም አይሰርቅም፤ ሰው ለምዶታል። ወንድሜ ሳምንት ሙሉ አኮረፈ። አንድ ማታ ግን ደውሎ፣ «ደንበኞቼስ ማዶ አልተሻገሩም፤ ግን የእኔም አልሆኑም» አለኝ። ድምፁ ቅሬታ ነበረበት። በማግስቱ ሰውዬውን ጠርቶ ሸሪክ አደረገው።

አሁን ጠባቸው ስለ እሑድ ነው። ሸሪኩ እሑድ የጌታ ቀን ስለሆነ ይዘጋ ይላል። ወንድሜ ደግሞ እሑድ ራሱ ጌታ የሰጠው ገበያ ነው ይላል። ከብዙ ክርክር በኋላ ሁለቱም ከየቤተ ክርስቲያናቸው ከወጡ ወዲያ ለመክፈት ተስማሙ። ቁልፉ ያለው ሸሪኩ ጋር ነው፤ የእነሱ ስብከት ደግሞ ከእኛ ቅዳሴ በኋላም ይቀጥላል። ስለዚህ ወንድሜ አስቀድሶ ሲወጣ ነጠላውን ሳያወልቅ የፕሮቴስታንቶቹ ቤተ ክርስቲያን በር ላይ ይቆማል። ከብዙ እሑድ ልምድ የትኛው መዝሙር የመጨረሻው እንደሆነ ስለለየ፣ እሱ ሲጀመር ከንፈሩ አብሮ ይንቀሳቀሳል።

በከተማው ተለወጠ ተብሎ ተወርቷል። አባም ሰምተው ጠሩት።

«ምን አቆመህ እዚያ?» አሉት።

«ቁልፍ እየጠበቅኩ ነው፣ አባቴ።»

አባ ራሳቸውን ነቀነቁ። «መንግሥተ ሰማያትንም እንዲህ ብትጠብቅ ጥሩ ነበር» አሉት።